ፍንጩ ገጽ 41 ላይ ነበር

ትናንት ሌሊት የያዝኩትን የወንጀል ልብ ወለድ ጨርሼ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ገዳዩ ሲታወቅ "ይሄማ ማጭበርበር ነው!" ብዬ ወደ ኋላ መግለጥ ጀመርኩ። ገጽ 41 ላይ አገኘሁት፤ ዝናብ ጠብ ባላለበት ቀን ሰውዬው ውሃ የሚንጠባጠብ ጃንጥላ ይዞ ይገባል። እንዴት አለፈኝ?

ታላቅ እህቴ ግን ደራሲው ፍንጩን ደብቆብናል ባይ ናት። እኔ አልስማማም። እንግሊዛዊው ቄስና ደራሲ ሮናልድ ኖክስ እ.ኤ.አ. በ1929 ለመርማሪ ልብ ወለድ ካወጣቸው 10 ሕጎች አንዱ፣ መርማሪው ያገኘው ፍንጭ ለአንባቢም ይታይ ይላል። ጃንጥላው እኮ ዓይናችን ሥር ነበር!

እኔን ያስከፋኝ የገዳዩ ኑዛዜ ነው፤ ስድስት ገጽ ሙሉ! አሁን በእርሳስ እያሰመርኩ ከመጀመሪያው ይዤዋለሁ።