ቂማ በሮቲ፦ ዘይቱ እስኪለይ ድረስ

የህንዱን ቂማ በመልኩ ብቻ ያየ ሰው ምንቸት አብሽ ነው ብሎ ሊያልፈው ይችላል። የተፈጨ ሥጋ፣ ብዙ ሽንኩርት፣ ቅመም፤ ታዲያ ምን ይለየዋል? የሚለየው እሳቱ ነው። የኛ ቁሌት ሽንኩርቱን በዝግታ እስኪሟሟ ያቁላላል፤ ሥጋው ቁሌቱ ውስጥ ገብቶ ይበስላል። ህንዶች ግን ሽንኩርቱን ዘይት ውስጥ ቡናማ እስኪሆን ይጠብሱና ሥጋውንም ከነቅመሙ በጠንካራ እሳት ያምሱታል፤ ውኃው አልቆ ዘይቱ በድስቱ ዳር ዳር እስኪለይ ድረስ። በቋንቋቸው ይህን ማመስ «ቡንና» ይሉታል (ከጀበናው ጋር ዝምድና የለውም)። ቂማ የሚበላሸው አብዛኛውን ጊዜ እዚህ ላይ ነው፤ ሰው ይቸኩላል፣ ዘይቱ ሳይለይ ውኃ ይጨምራል፣ ከዚያ ጥሬ ጥሬ የሚል ቅመም ያለው ሾርባ ይወጣለታል።

ከሥጋው እንጀምር። በሰሜን ህንድ ቂማ በብዛት የሚሠራው ከፍየል ወይም ከበግ ነው። የበሬም ይሆናል፤ ግን ጨርሶ ቀይ የሆነ ሥጋ አትፈጩ። ከ500 ግራም ውስጥ 100 ግራም ያህል ጮማ ካልገባበት ደርቆ አሸዋ አሸዋ ይላል። ሥጋ ቤቱን አንድ ጊዜ ብቻ፣ በሰፊው ቀዳዳ እንዲፈጭላችሁ ጠይቁ። ሁለቴ የተፈጨ ሥጋ ድስት ውስጥ እንደ ሊጥ ይያያዛል።

ቅመሙ ላይ ትንሽ ቆም ማለት ያስፈልጋል፤ ገበያ ላይ ስሞቹ ያሳስታሉ። የሚፈለገው ከሙን ነው፣ ነጭ አዝሙድ አይደለም። መልካቸው ይቀራረባል፤ ጣዕማቸው ግን ሌላ ነው፣ ነጭ አዝሙድ ቂማውን ጦስኝ ጦስኝ ያሰኘዋል። (ህንዶች ነጭ አዝሙድን ያውቁታል፤ ቂጣ ሊጥ ውስጥ ነው የሚጨምሩት።) በርበሬም የተቀመመው የወጥ በርበሬ መሆን የለበትም። ኮረሪማውና በሶብላው አንዴ ከገባ ምግቡ ወደ ወጥ ይዞራል። ቅመም ያልገባበት የዛላ በርበሬ ዱቄት ፈልጉ። አብሽን በተመለከተ፣ እነሱ መጨረሻ ላይ የሚበትኑት የደረቀውን ቅጠሉን ነው። ቅጠሉን ካጣችሁ ተዉት፤ በምትኩ የአብሽ ፍሬ ዱቄት ከጨመራችሁ ይመራል።

ጋራም ማሳላውን (የህንዶችን የተቀላቀለ ቅመም) ቤት መሥራት ይሻላል። 2 የሻይ ማንኪያ ከሙን፣ 1 የሻይ ማንኪያ ቁንዶ በርበሬ፣ 8 ፍሬ ሄል፣ 6 ቅርንፉድና ጣት የምታህል ቀረፋ በደረቅ መጥበሻ፣ በዝግታ፣ 2 ደቂቃ ያህል አምሳችሁ ፍጩ። ጠረኑ ሲነሳ አውርዱ፤ መጨስ ከጀመረ አልፏል።

አሁን ድስቱ። ሰፊና ወፍራም ይሁን። ጠባብ ድስት ውስጥ ሥጋው ከመጠበስ ይልቅ በራሱ ውኃ ይቀቀላል። 3 የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ ወይም ቅመም ያልገባበት ንጥር ቅቤ አሙቁና 1 የሻይ ማንኪያ ከሙን ጨምሩ። ሲንጣጣ 2 መካከለኛ ራስ ቀይ ሽንኩርት በደቃቁ ከትፋችሁ አስገቡ፣ በመካከለኛ እሳት ከ10 እስከ 12 ደቂቃ። ወርቃማ ሲሆን አትቁሙ፤ ጠርዙ ቡናማ ይሁን። የቂማው ቀለም የሚመጣው ከዚህ እንጂ ከበርበሬው አይደለም። ከዚያ 5 ፍንካች ነጭ ሽንኩርትና አውራ ጣት የሚያክል ዝንጅብል ተወቅጦ ይገባል፤ 1 ደቂቃ ይበቃዋል።

እሳቱን ከፍ አድርጉና ሥጋውን ጨምሩ። ከማቀዝቀዣ የወጣ ከሆነ በረዶው ሙሉ በሙሉ ይልቀቅ፤ አለዚያ ይጓጉላል። በእንጨት ማንኪያ ጫፍ እየጫናችሁ በትኑት። መጀመሪያ ውኃ ይተፋና ድስቱ ይንፈቀፈቃል። ከ8 ደቂቃ ገደማ በኋላ ድምፁ ይለወጣል፤ መንፈቅፈቁ ቀርቶ የመጥበስ ጩኸት ትሰማላችሁ። ሰዓት ከማየት ይልቅ ይህን ድምፅ መጠበቅ ይሻላል።

2 የሻይ ማንኪያ የድንብላል ዱቄት፣ 1 የሻይ ማንኪያ በርበሬ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ እርድና 1 የሻይ ማንኪያ ከሩብ ጨው በትንሽ ውኃ በጥብጣችሁ አስገቡ። ደረቁን ከበተናችሁት የድስቱ ታች ላይ አርሮ ይመራል፣ የመረረ ቅመም ደግሞ መድኃኒት የለውም። 2 የተከተፈ ቲማቲም ጨምሩና ቲማቲሙ ጠፍቶ ዘይቱ እስኪለይ ድረስ፣ ከ6 እስከ 8 ደቂቃ አምሱ። ከያዘ አንድ ማንኪያ ውኃ ጣል አድርጉና ቀጥሉ። እሳቱን አብርዱና 3 የሾርባ ማንኪያ እርጎ፣ አንድ አንድ ማንኪያ እያደረጋችሁ አዋህዱ፤ በአንዴ ከፈሰሰ ይቆራረጣል።

1 ብርጭቆ ሙቅ ውኃ፣ ክዳን፣ ዝቅተኛ እሳት፣ 20 ደቂቃ። የፍየል ከሆነ 30። አዲስ አበባ ያላችሁ 10 ደቂቃ ጨምሩ፤ በከተማዋ ከፍታ ውኃ የሚፈላው 92 ዲግሪ አካባቢ ስለሆነ ሥጋ ለመለስለስ ይዘገያል። ሊወጣ 6 ደቂቃ ሲቀረው 1 ሲኒ እሸት አተር አስገቡ (ደረቅ አተር አይሆንም)። በመጨረሻ ክዳኑን አንስታችሁ የቀረው ውኃ እስኪተን ጠብቁ። 1 የሻይ ማንኪያ ጋራም ማሳላ፣ የአብሽ ቅጠሉ፣ የድንብላል ቅጠል፣ የተሰነጠቀ ቃሪያ፣ ሎሚ። በሮቲ (በህንዶች ቂጣ) ሲነሳ የማይንጠባጠብ መሆን አለበት።

ቂማው እየበሰለ ሮቲው ይሠራል፤ ሊጡ ግን ቀድሞ መቡካት አለበት። አረብ አገር ያላችሁ በየባቃላው «አታ» የሚባለውን የህንድ ዱቄት ታገኛላችሁ። ስንዴው ከነፉርሽካው ደቅቆ የሚፈጭ ነው። አገር ቤት ደግሞ ወፍጮ ቤት የተፈጨ ስንዴ በወንፊት ነፍታችሁ ሁለት እጅ፣ ፉርኖ ዱቄት አንድ እጅ ብትቀላቅሉ ይቀርባል። ፉርኖ ብቻውን ሲቀዘቅዝ ጎማ ይሆናል።

ለ300 ግራም ዱቄት ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨውና 200 ሚሊ ሊትር ለብ ያለ ውኃ በቂ ነው። ፉርኖ ከተቀላቀለበት ከ170 ጀምሩ፤ ውኃ የመጠጣት አቅሙ ያነሰ ነው። 8 ደቂቃ እሹት። ሊጡ ሲጫኑት እንደ ጆሮ ለምለም የለሰለሰ ይሁን፣ በትንሹ እጅ ቢይዝም አትፍሩ። ብዙ ሰው ሊጡ ያዘኝ ብሎ ዱቄት ይጨምራል፤ ሮቲው የሚደርቀው ያን ጊዜ ነው። በእርጥብ ጨርቅ ሸፍናችሁ 30 ደቂቃ አሳርፉት። ያላረፈ ሊጥ በመዳመጫ ሲለጠጥ ተመልሶ ይሰበሰባል።

50 ግራም የሚመዝኑ 10 ድቡልቡል አድርጉ። እያንዳንዱን 18 ሴንቲ ሜትር ያህል እስኪሰፋ ዳምጡ፤ ዳሩና መሀሉ እኩል ውፍረት ይኑረው። ትርፍ ዱቄቱን አራግፉ፣ ምጣዱ ላይ አርሮ ያጠቁራል። የማያጣብቅ ልባስ ያለው መጥበሻ ለዚህ እሳት አይሆንም። የቡና መቁያው ብረት ምጣድ ለጥ ያለና ወፍራም ከሆነ ይሠራል፤ ብቻ በደንብ ይታጠብ፣ አለዚያ ሮቲው ቡና ቡና ይሸታል።

ምጣዱ በጣም ይጋል። ሮቲው ሲያርፍ ከ20 እስከ 30 ሰከንድ ጠብቁ፤ ቀለሙ ይደበዝዝና ትንንሽ እብጠት ይታያል። ገልብጡ። ሁለተኛው ፊት ቡናማ ነጠብጣብ እስኪያወጣ፣ 40 ሰከንድ ያህል። እንደገና ገልብጡና በታጠፈ ጨርቅ ዳር ዳሩን ቀስ አድርጋችሁ ጫን ጫን በሉ፤ ጋዝ ያለው በመቆንጠጫ ይዞ ነበልባሉ ላይ ያድርገው። ውስጡ ያለው እርጥበት እንፋሎት ሆኖ ሁለቱን ፊት ይለያያቸውና እንደ ኳስ ይነፋል። ካልተነፋ ወይ ሲዳመጥ የተቀደደ ቦታ አለ፣ ወይ ምጣዱ ቀዝቅዟል፣ ወይ መጀመሪያው ፊት ብዙ ቆይቶ ደርቋል። ያልተነፋውም ይበላል፤ ትንሽ ማኘክ ይጠይቃል እንጂ።

እንደወጣ በአንድ ፊት ቅቤ ቀቡትና ጨርቅ በለበሰ መሶብ ወይም ክዳን ባለው ዕቃ ውስጥ ደራርቡ፤ እንፋሎቱ እርስ በርስ ያለሰልሳቸዋል። ጨርቁ ሳይኖር ከተከደነ ግን ላቡ ወደ ታች ይወርድና የታችኛው ሮቲ ይላቁጣል።