ተራራው አተኩሶታል እንዴ?

ተራራ ስወጣ ሁለት ቴርሞሜትር እይዛለሁ። አንዱን ዱላዬ ላይ፣ ደረቴ አካባቢ በሚደርስ ከፍታ አስሬዋለሁ። ሌላውን አረፍ ስል ሣሩ መሃል አጋድመዋለሁ። አብረውኝ የሚወጡት ይስቁብኛል። «ተራራው አተኩሶታል እንዴ?» ይሉኛል። ይሳቁ። ቁጥሩ እስኪረጋ አሥር ደቂቃ መቀመጥ ግድ ነው፤ ጉልበቴ ደግሞ ይህን ሰበብ ይወደዋል።

ነገሩ የጀመረው በአንዲት ትራስ ነው። ትራስ የምላት ከዛፎቹ ሁሉ በላይ፣ ነፋሱ ጆሮ በሚቆርጥበት ገመገም ላይ የምትበቅል ዕፅ ናት። ድቡልቡል ብላ መሬቱ ላይ ተለጥፋለች። ቅጠሎቿ ከመጠቅጠቃቸው የተነሳ ጣት አያሳልፉም። ብርዱ ሲያንዘፈዝፈኝ እጄን አሳረፍኩባት። ሞቀችኝ። የምሬን ነው፣ ሞቀችኝ። ቴርሞሜትሩን መጀመሪያ ከላይዋ፣ ቀጥሎ ቅጠሎቿ መሃል አደረግኩት። አየሩ 8 ዲግሪ ነበር። ትራሷ ውስጥ 21።

ጠቅጠቅ ብላ ስለበቀለች ነፋስ አይገባባትም። ከፀሐይ ያገኘችውን ሙቀት ቶሎ አትነጠቅም። ትንንሽ ነፍሳት ውስጧ ይጠለላሉ። የሌላ ዕፅ ዘርም እላይዋ ወድቆ ይበቅላል፤ ባዶው መሬት ላይ ቢወድቅ ኖሮ ነፋሱ ጠርጎት ነበር።

ከፍ ባልን ቁጥር እንደሚበርድ ሁላችንም እናውቃለን። በየ1000 ሜትሩ በአማካይ 6 ዲግሪ ተኩል ገደማ ይቀንሳል። ይህ ግን የአየሩ ሒሳብ ነው። ሁለት ጣት ለምታህል ዕፅ አየሩ ሌላ አገር ነው። ስዊዘርላንድ ውስጥ ተመራማሪዎች ቁልቁለቶችን በሙቀት ካሜራ ሲያነሱ፣ ጥቂት ሜትር ብቻ በሚራራቁ ቦታዎች መካከል ያገኙት ልዩነት በመቶዎች ሜትር ሽቅብ ከመውጣት ጋር የሚስተካከል ነበር። ጉድጓዱ፣ ድንጋዩ፣ ፀሐይ የዞረችበትና ያልዞረችበት ጎን፣ እያንዳንዱ የራሱ አየር ንብረት አለው።

ይህን ካየሁ በኋላ ድሮ ለሰው የማወራት ወሬ አላስቀምጥ አለችኝ። ወሬዋ እንዲህ ነበረች፦ ዓለም ይሞቃል፣ ፍጥረቱ ሁሉ ብርድ ፍለጋ ሽቅብ ይወጣል፣ ጫፍ ሲደርስ መሄጃ ያጣል። ውሸት አይደለችም። ፔሩ ውስጥ ፓንቲያኮላ በሚባል ተራራ ላይ በ1985 (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ወፎች ከግርጌ እስከ ጫፍ ተመዝግበው ነበር። በ2017 ያንኑ ተዳፋት ዳግም ሲቃኙት አብዛኞቹ ወደ ላይ ሸሽተዋል። ጫፉ ላይ ብቻ ይኖሩ ከነበሩት ደግሞ ጥቂቶቹ ጭራሽ አልተገኙም። ተራራው ሌላ ፎቅ የለውማ።

ግን ወሬዋ ከልክ በላይ ቀጥ ያለች ናት። ለዚህ የሁምቦልትን ታሪክ የሚያህል የለም። ጀርመናዊው የተፈጥሮ ተመራማሪ አሌክሳንደር ፎን ሁምቦልት በ1802 በአሁኗ ኤኳዶር ውስጥ ቺምቦራዞ የሚባለውን ተራራ ለመውጣት ሞከረ። በኋላም የትኛው ዕፅ በየትኛው ከፍታ እንደሚበቅል የሚያሳይ ዝነኛ ሥዕል አወጣ። በ2012 ሳይንቲስቶች ወደ ቺምቦራዞ ተመልሰው ሲለኩ ዕፅዋቱ ከ500 ሜትር በላይ ሽቅብ ወጥተዋል አሉ። ዜናው ዓለምን ዞረ። እኔም ለስንቱ አውርቼዋለሁ! በ2019 ግን ሌሎች ተመራማሪዎች የድሮ ሰነዶቹን አገላብጠው አንድ ነገር አገኙ። ከከፍታው የተሰበሰቡት አብዛኞቹ ዕፅዋት የቺምቦራዞ አልነበሩም፤ አንቲሳና ከሚባል ሌላ ተራራ የመጡ ናቸው። ትክክለኛው ተራራ ላይ ሲወዳደር የወጡት ከ215 እስከ 266 ሜትር ሆነ። ይህም ቢሆን ትንሽ አይደለም። እኔ ግን ከዚያ ወዲህ በደብተሬ ገጽ ሁሉ አናት ላይ የቆምኩበትን ቦታ ሳልጽፍ ቁጥር አላሰፍርም።

አውሮፓ ውስጥ 302 የተራራ ጫፎች ላይ የተደረገ ቆጠራም አለ። ከ2007 እስከ 2016 በነበሩት ዓመታት አዳዲስ ዕፅዋት ጫፎቹ ላይ የደረሱበት ፍጥነት ከግማሽ ምዕተ ዓመት በፊት ከነበረው 5 እጥፍ ነው። ይህን ለአንድ ጓደኛዬ ስነግረው «ታዲያ በዛ ማለት አይደል? ምን ክፋት አለው?» አለኝ። ክፋቱ ቶሎ አለመታየቱ ነው። የመጡት እንግዶች ቁመታሞችና ፈጣኖች ናቸው። ነባሮቹ አጫጭርና ዘገምተኞች፣ አንዳንዶቹም ዕድሜያቸው ብዙ አሥርት ዓመታት የሚሄድ ናቸው። ጥላ ቢያርፍባቸውም በአንዴ አይሞቱም። ማበብ ይቀንሳሉ። ዘር ማፍራት ያቆማሉ። ቆጣሪው ግን ይኸው አሉ ብሎ ይመዘግባቸዋል።

ከሁሉም የገረመኝ የበረዶው ነገር ነው። በረዶ ሲነሳ ብርድ ነው የሚታየን። ለመሬቱ ግን ብርድ ልብስ ነው። ወፍራም በረዶ የለበሰ አፈር፣ ከላዩ ያለው አየር ከዜሮ በታች 20 ዲግሪ ቢወርድ እንኳ፣ ዜሮ አካባቢ ሊቆይ ይችላል። ስለዚህ ክረምቱ ሞቅ ብሎ በረዶው ሲሳሳ አፈሩ ጭራሽ ሊበርደው ይችላል። ሥሮች በውርጭ ይመታሉ። አየሩ ሞቀ ተብሎ ሥሩ በብርድ ሞተ ብትል ማን ያምንሃል?

አሜሪካ ኮሎራዶ ውስጥ ጎቲክ የምትባል ቦታ ቢሊ ባር የሚባል ሰው አለ። ከ1970ዎቹ ጀምሮ የበረዶውን ልክ በእጁ ሲጽፍ ኖሯል። መጀመሪያ የጻፈው ብቸኝነቱ ስላሰለቸው ነበር አሉ። ይህ ሰው የልቤ ሰው ነው። እዚያው አካባቢ ክረምቱን ሙሉ ጉድጓድ ውስጥ የሚተኙ ማርሞት የሚባሉ እንስሳት አሉ። በ1999 ከ23 ዓመት በፊት ይነቁበት ከነበረው ጊዜ 38 ቀን ቀድመው ይወጡ ነበር። በረዶው የሚቀልጥበት ቀን ግን በዚያ ጊዜ ውስጥ አልተለወጠም። ተርበው ሲወጡ ሣሩ ገና በረዶ ሥር ነው። አበቦቹ ደግሞ የተገላቢጦሽ ችግር አለባቸው። በረዶው ቀድሞ ከቀለጠ ቀድመው ያጎነቁላሉ፤ ከዚያ አንድ የውርጭ ሌሊት መጥቶ እንቡጡን ሁሉ ያጠቁረዋል።

እዚያው አሜሪካ ያለችው ፒካ ደግሞ ጆሮዋ ክብ፣ ከጥንቸል ጋር የምትዛመድ ጭብጥ የምታህል እንስሳ ናት። ክረምቱን አትተኛም። በበጋ ሣርና አበባ እያጨደች ድንጋይ ሥር ትከምራለች። ሙቀት አትችልም፤ ቀትር ላይ የድንጋይ ናዳ ውስጥ ገብታ ትቀዘቅዛለች። በክረምት ደግሞ ያው ድንጋይ በረዶ ካልለበሰ ብርዱ ይፈጃታል። በበጋ በሙቀት፣ በክረምት በብርድ፣ ምክንያቱ ግን አንድ፦ የዓለም መሞቅ። መዳኛዋም ጥልቅ የድንጋይ ናዳ ያለበት ቦታ ነው፤ ከፍታው ብቻ አይደለም።

በምድር ወገብ አካባቢ ያሉት ከፍተኛ ተራሮች ጣጣቸው ሌላ ነው። እዚያ ቀኑ በጋ፣ ሌሊቱ ክረምት ነው። ጅብራ የምትባለው የደጋ ዕፅ ይህን ታውቃለች። ማታ ቅጠሎቿን ወደ መሃል ሰብስባ ቡቃያዋን ትሸፍናለች፣ ሲነጋ ትዘረጋቸዋለች። በየቀኑ።

ስለ ዛፎች ሳልናገር እንዳልቀር። በ2009 የወጣ ጥናት ከመላው ዓለም 166 ቦታዎችን ሲያይ የዛፍ ወሰኑ፣ ማለትም ከዚያ በላይ ዛፍ የማይቆምበት ከፍታ፣ ሽቅብ የወጣው በግማሽ ያህሉ ብቻ ነው። ቀሪው ባለበት ቆሟል፤ ወደ ታች የወረደው አንድ በመቶ ገደማ ነው። ዛፍ ከፍ ብሎ ስለሚቆም አየሩ የሚለውን ይቀበላል። በዕድገቱ ወቅት አማካዩ ሙቀት ከ6 ዲግሪ ገደማ በታች ከሆነ ግንድ መሥራት ያቅተዋል። ትራሷ ግን እዚያው ጎኑ አጎንብሳ ትሞቃለች።

ባለፈው ስወጣ ከመጨረሻው ዛፍ 60 እርምጃ ያህል ከፍ ብዬ፣ ከትራሷ ጥግ አንድ የዛፍ ችግኝ አገኘሁ። መጀመሪያ ደስ አለኝ። ቀጥሎ ደስ መሰኘቴ ከነከነኝ፤ ከትራሷ ወገን ነኝ ወይስ ከዛፉ? ተቀመጥኩና ሁለቱንም ቴርሞሜትሮች አወጣሁ። ችግኙ ጋ 16 ዲግሪ። ደረቴ ጋ 7። እሱ ይህን ገና አያውቅም። አሁን በትራሷ አገር ነው ያለው። ካደገ ከዓመታት በኋላ አናቱ ዱላዬ ላይ ካሰርኩት ቴርሞሜትር ጋር እኩል ይሆናል።

በደብተሬ ላይ ቦታውን ጻፍኩ። ቁመቱን በማስመሪያ ለካሁት፤ 11 ሳንቲሜትር።