አባቴ ሲፈርም አጠገቡ ቆሜ ነበር

በ2015 ዓ.ም. ከኮምቦልቻ ወጣ ብሎ በቦርከና ወንዝ ዳር የነበረን ግማሽ ሄክታር መሬት ለመንገድ ሥራ ተወሰደ። መንገዱ መሠራቱን አልቃወምም። የሚቆጨኝ የሚገባን ካሳ በአንድ ከሰዓት በኋላ፣ ዓይናችን እያየ ከእጃችን መውጣቱ ነው። ደሴ ውስጥ አስተማሪ ነኝ፤ ማንበብና መጻፍ የሚቸግረኝ ሰው አይደለሁም። አስቀድሞ የነገረኝ ሰው ግን አልነበረም፤ ይህን የምጽፈውም ለዚህ ነው።

መጀመሪያ ስብሰባ ተጠራ። ቀጥሎ በአባቴና በእናቴ ስም ያለው የይዞታ ደብተር ታየ፣ መሬቱ ተለካ፣ የባንክ ሒሳብ ተከፈተ። እስከዚህ ድረስ ምንም ችግር አልገጠመንም።

አባቴ የመሬቱ ዋጋ የሚከፈለው መስሎት ነበር። ብዙ ሰው እንዲሁ ያስባል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ የባለይዞታው ንብረት በላዩ ላይ የገነባው፣ የተከለውና ያሻሻለው ነው። መንግሥት ይህን ለሕዝብ ጥቅም ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ መክፈል አለበት። ስለዚህ ለአፈሩ ዋጋ አይወጣለትም፤ ዛፉ፣ አጥሩ፣ ጉድጓዱና እርከኑ ግን ይቆጠራል። ከዚያ ሌላ፣ ለልማት ሲባል ከመሬቱ ለሚነሳ ሰው የሚከፈል የልማት ተነሺ ካሳ አለ። በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ምትክ መሬት ላልተሰጠው የገጠር ባለይዞታ ይህ ካሳ የሚሰላው፣ ከመነሳቱ በፊት በነበሩት ሦስት ዓመታት ካገኘው ዓመታዊ ገቢ ከፍተኛው ተወስዶ በ15 ተባዝቶ ነው። በቀድሞው አዋጅ ቁጥር 455/1997 የአምስት ዓመት አማካይ ይወሰድ ነበር፤ የሚባዛውም በ10 ነበር። «ከፍተኛው» የምትለዋን ቃል ያዙ። ቅጹ ላይ በዓመታዊ ምርት ዓምድ የምትሰፍረው ቁጥር ላይ የጎደለ ሁሉ 15 ጊዜ ይጎድላል። እኔ ይህን ያወቅኩት ከፊርማው በኋላ ነው።

የንብረቱና የምርቱ ቆጠራ የተካሄደው ግንቦት ላይ ነበር። ሽንኩርቱ መጋቢት ውስጥ ወጥቶ ተሽጧል፤ ማሳው ለጤፍ ታርሶ ጥቁር አፈር ብቻ ይታያል። ሦስት ሰዎች መጡ። ሁለቱ ባሕር ዛፉንና ጌሾውን ሲቆጥሩ፣ ወጣቱ ከሎሚው ጥላ ሥር ተቀምጦ ቅጹን ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ ይሞላል።

«አባባ፣ ምን ያመርታሉ?» አለ።

«ክረምት ጤፍ፣ በጋ ሽንኩርት። ውኃው ከዚያ ነው» ብሎ አባቴ ወደ ጉድጓዱ አመለከተው። ጉድጓዱን የቆፈረው ራሱ ነው፤ አፉ ዙሪያውን በድንጋይ የተገነባ ነው፤ የባልዲው ገመድ ከመመላለሱ ብዛት አንደኛውን ድንጋይ እንደ ቦይ አድርጎ በልቶታል። ወጣቱ ጉድጓዱን መዘገበ። በምርቱ ዓምድ ግን የጻፈው «ጤፍ፣ 8 ኩንታል» ብቻ ነው።

«ልጄ፣ ሽንኩርቱስ?»

«እሱ ይታያል። ቅሬታ ካለዎት በኋላ ያቀርባሉ፤ አሁን እዚህ ላይ ይፈርሙ።»

አባቴ ወደ እኔ ዞረ፤ ፊደል የቆጠርኩት እኔ ነኝና። ፀሐዩ በርትቷል፣ ሰዎቹ ቸኩለዋል። «ፈርም አባ፣ ይታያል ብሏል» አልኩት። ፈረመ። በደህና ዓመት ከዚያ መሬት 40 ኩንታል ሽንኩርት እናወጣ ነበር። በ15 ሲባዛ 600 ኩንታል ነው። ይህን ሁሉ ያሳጣን አንድ መስመር አለመጻፉና የእኔ ያቺ ቃል ናት።

ቅሬታ ለማቅረብ ውሳኔው ከደረሰን ቀን ጀምሮ 30 ቀን ነበረን። እኔ ግን ቀኑን ሁሉ በአፍ ጨረስኩት። ከደሴ በሚኒባስ የሐረጎን ቁልቁለት ወርጄ ቅሬታ ወደሚቀርብበት ቢሮ እሄዳለሁ፤ ኃላፊው ስብሰባ ላይ ነው፣ ሰኞ ተመለስ። ሰኞ እመለሳለሁ፤ ፋይሉ ባለሙያው ጋ ነው፣ ባለሙያው ደግሞ መስክ ወጥቷል። አንድ ቀን ኃላፊው ራሱ ወንበር ሰጥቶ እስከ መጨረሻው አዳመጠኝና «ገብቶኛል፣ እናየዋለን» አለኝ። ጉዳዩ የተያዘ መስሎኝ ደስ ብሎኝ ተመለስኩ። አንዲት ገጽ ማመልከቻ ጽፌ መዝገብ ቤት ገቢ አላደረግኩም። በ36ኛው ቀን በጽሑፍ ሳቀርብ ያው ሰው ወረቀቱን አገላብጦ «ጊዜው አልፏል» አለኝ። ስመላለስ እንደከረምኩ ባስታውሰው «በመዝገብ የለም» ብሎ መለሰልኝ። በሕጉ በኩል ልክ ነበር። ያን ሁሉ ጊዜ ስመላለስ ግን ከዚያ ቤት «በጽሑፍ አስገባ» ያለኝ አንድም ሰው የለም፤ አሁንም ሳስበው ደሜ ይፈላል።

ያን ዕለት ማታ እናቴ ሳጥኗን ከፍታ በጨርቅ የተጠቀለሉ ወረቀቶች አወጣች። ነጋዴዎች ሽንኩርቱን ሲያስመዝኑ የጻፉላት ነው፤ ቀኑ፣ ኩንታሉ፣ ዋጋው። የሦስቱም ዓመት አለ። ከቆጣሪዎቹ የጠየቃት አልነበረም፤ እኔም አልጠየቅኳትም።

ጎረቤታችን እንደ እኛው ጤፍና ሽንኩርት ያመርት ነበር። እሱ ሲፈርም ከስሙ በላይ «የመስኖ ሽንኩርቴ ስላልተመዘገበ በምርቱ አልስማማም» ብሎ ጻፈ። ቆጣሪው ቅጹን አበላሸህ ብሎ ተቆጣ፤ ጎረቤታችን ግን ጽፎ ጨርሷል። በሳምንቱ የመስኖ ተጠቃሚ መሆኑን የሚገልጽ ደብዳቤ ከቀበሌው የግብርና ልማት ሠራተኛ አጽፎ፣ ከማመልከቻው ጋር አያይዞ አስገባ፤ በእጁ በቀረው ቅጂ ላይም ገቢ ቁጥርና ማኅተም አስደረገበት። ሽንኩርቱ ተጨመረለት።

ስለዚህ «መጀመሪያ ፈርሙ፣ ቅሬታው በኋላ» የሚሏችሁን አትስሙ። የማትስማሙበትን እዚያው ቅጹ ላይ ጻፉ፤ የተሞላውንም ቅጽ ከመውሰዳቸው በፊት ፎቶግራፍ አንሱት። ከቅሬታ ሰሚው ወደ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ ከዚያም ወደ ፍርድ ቤት መሄድ ይቻላል፤ በየደረጃው ግን ቀን ይቆጠራል። አዋጅ ቁጥር 1161/2011 በአዋጅ ቁጥር 1336/2016 ስለተሻሻለ ሁለቱንም ጎን ለጎን አንብቡ።

ጎረቤታችን የማመልከቻውን ቅጂ ሰጥቶኛል። በእጅ የተጻፈ አንድ ገጽ ነው፣ ሰማያዊው ማኅተም ጥግ ላይ አርፏል። በቅርቡ ለቆጠራ ለተጠሩ ሁለት ዘመዶቻችን አባዝቼ ሰጥቻቸዋለሁ። ቆጣሪዎቹ ሰብሉ ማሳ ላይ ሳለ እንዲመጡ በጽሑፍ ጠይቁ ብያቸዋለሁ፤ የእነሱ ሽንኩርት ገና አልተነቀለም።