ያልተጻፈችውን መስመር ያሳየኝ ጌታ

ወገኖቼ፣ ጌታ ያደረገልኝን ልመስክር፣ ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም።

የምሠራው ፋብሪካ ውስጥ ነው፣ ቦይለር ክፍል፣ ውሃ አፍልተን እንፋሎት የምናመርትበት። ፈረቃ ከመግባቴ በፊት ሁልጊዜ የምጸልያት አጭር ጸሎት አለችኝ፦ «ጌታ ሆይ፣ ሰው የረሳውን አንተ አሳየኝ።» ውሃ እንፋሎት ሲሆን 1,600 እጥፍ ገደማ ይሰፋል፣ ያ ሁሉ ጉልበት ታፍኖ የሚያድረው ደግሞ እኛ አጠገብ ነው።

አንድ ሌሊት የሚሠራው ቦይለር ግፊቱ ወረደ። ከምርት ክፍል ስልኩ አላቋርጥ አለ፣ እንፋሎት ቶሎ ስጡን ነው። ተጠባባቂው ቦይለር ቆሟል፣ መዝገቡ ላይ ምንም የተጻፈ ነገር የለም፣ ስለዚህ ባልደረባዬ ሊያስነሳው እጁን ዘረጋ። ውስጤ ግን እምቢ አለ። ሰላሜ ድንገት ተወሰደ። «ቆይ፣ እንዳትነካው!» አልኩትና ባትሪ ይዤ መሰላሉን ወጣሁ። ግፊት ሲበዛ እንፋሎቱን የሚያስተነፍሰው ሴፍቲ ቫልቭ የለም! ቀን የነበሩት ለፍተሻ ፈተውት አፉን በብረት ክዳን ሸፍነውታል፣ ብሎኖቹም ገና በእጅ የሚዞሩ ነበሩ። አንድ መስመር መጻፍ ረስተው ነው የሄዱት። የማስጠንቀቂያ ታግ እንኳን አልተንጠለጠለም።

እዛው መሰላሉ ላይ አለቀስኩ።

የፓይፐር አልፋን ታሪክ የሚያውቅ ይረዳኛል። በሰሜን ባሕር ላይ የነበረ የነዳጅና የጋዝ ማምረቻ ነው። እ.ኤ.አ. በ1988 የአንድ ፓምፕ ሴፍቲ ቫልቭ ለጥገና ተፈትቶ ቦታው በክዳን ተሸፍኖ ነበር፣ ወሬው ግን ለማታዎቹ አልደረሰም። ሌላኛው ፓምፕ ሲቆምባቸው ይሄንን አስነሱት። ጋዙ ሾለከ፣ ፈነዳ፣ 167 ሰው አለቀ። እነሱም ሥራቸውን የሚያውቁ ሰዎች ነበሩ፣ እኛ የተረፍነው ከእነሱ በልጠን አይደለም።

በቀን ፈረቃ ልጆች አልፈርድም፣ የመውጫ ሰዓት ሲደርስ ሰው ይቸኩላል። አንዳንድ ወንድሞች ግን ከጸለይክ ይሄ ሁሉ ፍተሻ ምን ያደርጋል ይሉኛል። እኔን ጌታ ያዳነኝ እኮ መሰላል አስወጥቶ ነው!

አሁን ስንረካከብ ገቢውም ወጪውም አብረን ዞረን እያንዳንዱን ቦይለር እናያለን፣ ከዛ ነው የምንፈርመው። ያን ሌሊት ሥራ ላይ የነበርን በሙሉ በሰላም ቤታችን ገብተናል። ክብሩን እርሱ ይውሰድ!