ተፈርዶላት ብሩ የት አለ?

የአክስቴ ልጅ አሠሪዋን ከስሳ የተፈረደላት ቀን ቤታችን ቡና ተፈላ። የ4 ወር ውዝፍ ደመወዝ፣ ያልወሰደችው የዓመት ፈቃድ በገንዘብ፣ በዚያ ላይ ክፍያው ለዘገየበት ቅጣት። በበነጋው ብሩ አካውንቷ ውስጥ የሚገባ መስሎን ነበር።

ሁለት ወር አለፈ። አሠሪዋ ስልክ አያነሳም። አንድ ጠዋት ቢሮው በር ላይ ጠብቀን ስናገኘው "የፈረደልሽ ፍርድ ቤት ይክፈልሽ" ብሏት መኪናው ውስጥ ገባ። ደሜ ፈላ። ዳኛ ፈርዶ፣ ማኅተም ተመትቶ፣ ሰውየው እንዲህ እያለ ቁጭ ማለቱ ችሎት መድፈር ካልሆነ ምን ሊባል ነው ብዬ ያኑ ማታ አቤቱታ መጻፍ ጀመርኩ።

ያስቆመኝ አንድ የማውቀው ጠበቃ ነው። የወንጀል ሕጉን አንቀጽ 449 አውጥቶ አሳየኝ። ችሎት ላይ ዳኛን የሰደበ፣ ያላገጠበት፣ የዛተበት ወይም የፍርድ ቤቱን ሥራ ያወከ ሰው እስከ 1 ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3000 ብር መቀጮ ይጠብቀዋል። የተፈረደበትን ገንዘብ አለመክፈል ግን ዕዳ ነው፣ የሚጠየቀውም በአፈጻጸም፣ ማለትም ፍርድ ቤቱ ፍርዱን በግድ እንዲያስፈጽም በማመልከት ነው አለኝ። "ደግሞስ 3000 ብር ቢቀጣ ለመንግሥት ይገባል እንጂ ለልጅቷ ምን ይደርሳታል?" ሲለኝ ወረቀቱን አጠፍኩት።

የአፈጻጸም መዝገብ የሚከፈተው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 378 ነው። የፍርዱን ግልባጭ ይዘሽ ታመለክቻለሽ። ከባዱ ነገር የባለዕዳውን ንብረት ማሳየት ነው፣ ብዙ ሠራተኛ የሚደክመውም እዚህ ጋ ነው። እኛን የረዳን የድሮ የባንክ መግለጫዋ ነው። ደመወዟ በየወሩ ከየትኛው ባንክ እንደሚመጣ እዚያ ላይ ተጽፏል! ፍርድ ቤቱ ለዚያ ባንክ ትዕዛዝ ጻፈ፣ ሂሳቡም ታገደ። ስልክ የማያነሳው ሰውዬ በሦስተኛው ቀን ራሱ ደወለላት።

ለካስ መዝገቡ ከተከፈተ በኋላ ፍርድ ቤት አቅም አለው። መጥሪያ ደርሶት የቀረን ባለዕዳ ፖሊስ ይዞ እንዲያቀርበው ሲታዘዝ በዓይኔ አይቻለሁ። እኔን የሚያንገበግበኝ መዘግየቱ ሳይሆን ያሸነፈችው ልጅ እንደገና መሮጧ ነው። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት የሥራ ውሉ ሲቋረጥ ለሠራተኛው የሚገባውን ክፍያ ላዘገየ አሠሪ ቅጣቱ ቢበዛ የ3 ወር ደመወዝ ነው። ጣሪያው ላይ ከደረሰ በኋላ ዝም ብሎ መቀመጥ ለምን ያስፈራዋል? ሕግ አውጪዎቹ ይህንን ቢያዩት ደስ ይለኛል።

አብራት የምትሠራ ጓደኛዋም የ4 ወር ደመወዝ ነበራት። "ይከፍለኛል፣ ቃል ገብቶልኛል" እያለች ጠበቀች። ያልተከፈለ ደመወዝ መከፈል ከነበረበት ቀን ጀምሮ በ6 ወር ውስጥ ካልተጠየቀ በይርጋ ይታገዳል፣ ማለትም የመክሰሻ ጊዜው ያልፋል። ክሱን ያቀረበችው በ8ኛው ወር ነው። የሰውዬው ጠበቃ መጀመሪያ ያነሳው ነጥብ ይኸው ሆነ፣ መዝገቧም ተዘጋ።