ደጅ ጥናት በስልክ

ሚያዝያ 25 ቀን 2017 ዓ.ም.፣ አሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ

ዛሬ ከእንቅልፌ ስነቃ ስልኬን አላነሣሁም። ለሌላ ሰው ወሬ አይሆንም፤ ለእኔ ግን ከመጋቢት ወዲህ የመጀመሪያው ነው። ትናንት እንኳ፣ ነገሩ ሁሉ ካለቀ በኋላ፣ እጄ በልማድ ሄዶ ከፍቶት ነበር።

ያን ሁሉ ጊዜ በስመ አብ ሳልል፣ ባለቤቴ እንዳትነቃ የስልኩን ብርሃን በብርድ ልብስ ከልዬ የምከፍተው አንድ ገጽ ነበር፤ የስቴት ታክስ ተመላሼ የት እንደደረሰ የሚነግረኝ ገጽ። የሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥሬን አስገባለሁ፤ የግብር ዓመቱን እመርጣለሁ፤ የምጠብቀውን ገንዘብ ልክ እጽፋለሁ። ከዚያ ትንሿ ክብ መዞር ትጀምራለች። እሷ ስትዞር ትንፋሼን እይዛለሁ። አያቶቻችን ደጅ ሲጠኑ ቢያንስ ነጠላቸውን አጣፍተው፣ ከጌታው በር ቆመው ነበር። እኔ ተጋድሜ ነው ደጅ የጠናሁት።

ገንዘቡ 612 ዶላር ነው። ሰው አያከብርም፣ ሰው አያደኸይም። በዚህ አገር ዓመቱን ሙሉ በሁለት ሳምንት አንዴ ከደመወዜ የሚቆረጥ አለ፤ አንዱ ለፌዴራል፣ አንዱ ለስቴት። በጥር አሠሪው በሚልከው ደብልዩ ቱ በተባለው ወረቀት ላይ ለስቴት የተቆረጠው 17ኛዋ ሣጥን ውስጥ ይገኛል። ከሚገባው በላይ ተቆርጦ ከሆነ ታክስ ሲሠራ ትርፉ ይመለሳል። ስለዚህ ሪፈንድ እያልን በየዓመቱ እንደ ስጦታ የምንደሰትበት ገንዘብ የገዛ ራሳችን ነው፤ ያለ ወለድ አበድረነው የከረምን። አሠሪው ጋ ያለውን ቅጽ አስተካክሎ ቆረጣውን መቀነስ ይቻላል። ይህንን አውቃለሁ፤ አውቄም አላደርገውም። ባለቤቴ አንድ ቀን «እቁብ ነው በለው፤ ዳኛው መንግሥት የሆነ እቁብ» አለችኝ። ልክ ናት። በእጄ ቢገባ ኖሮ በየሁለት ሳምንቱ ሃያ ሃያ ዶላር እየሆነ የት እንደገባ አላውቀውም ነበር።

የዘንድሮው ዕጣ ግን ሥራ ነበረው። የእናቴ ማድ ቤት ቆርቆሮ ዝጎ ተበሳስቷል፤ ክረምት ሳይገባ ይቀየር ተባብለናል። ፌብሩዋሪ 14 ቀን ታክሳችንን አሠራን፤ የፌዴራሉ በ13ኛው ቀን ባንክ ገባ። የስቴቱንም በዚያው ፍጥነት ጠብቄ ለእናቴ «ለፋሲካ ይደርሳል» ብዬ አፌን ከፈትኩ። እሷ ግን ገንዘቡ መዘግየቱ ሳይሆን ነገሩ ራሱ ነው የገረማት።

«መንግሥት ከወሰደ በኋላ ይመልሳል?»

«ይመልሳል እማዬ። ያበዛው እንደሆነ ይመልሳል።»

«አበዛሁ ብሎ ራሱ ያምናል?»

ለዚህ መልስ አልነበረኝም። እሷ የምታውቀው ግብር ሌላ ነው። በ1990ዎቹ አጋማሽ አባቴ ደብረ ብርሃን ውስጥ ትንሽ ሱቅ ነበረው፤ ሳሙና፣ ስኳር፣ ክብሪት፣ ብስኩት። የደረጃ «ሐ» ግብር ከፋይ ነበር። የሂሳብ መዝገብ ስለማይዝ የቀን ሽያጩ በገማቾች ዓይን ነው የሚለካው። አባቴ ሌላ ጊዜ ሱቁ የሞላ እንዲመስል ባዶ ካርቶን የሚደረድር ሰው ነበር፤ በግምት ሰሞን ግን የሞላውን ካርቶን ወደ ጓዳ አስገብቶ አልጋ ሥር ይደብቃል። እኔና ታናሼ ተሸካሚዎች ነበርን። ከዚያ በሐምሌ፣ በዚያ ጉምና ብርድ፣ ጃንጥላውን ይዞ ሊከፍል ይሰለፋል። ሲመለስ ደረሰኙን በሽቦ ሰክቶ ከባንኮኒው ኋላ ግድግዳው ላይ ያንጠለጥለዋል። ያ ሽቦ በቤታችን ከሥዕለ ማርያም ቀጥሎ የሚከበር ነገር ነበር። አንዴ «ያልተከፈለ ውዝፍ አለብህ» ተብሎ ሲጠራ ሽቦውን እንዳለ አውርዶ ይዞት ሄደ፤ የፈረስ ጅራት ያህል ወረቀት ተሸክሞ። አሸንፎ ተመለሰ። ማሸነፍ ማለት ደግሞ ሁለት ጊዜ አለመክፈል ነበር። መንግሥት ከፍሎት አያውቅም።

የመጀመሪያው ሳምንት ስሕተት የራሴ ነበር፤ ሁለተኛውም እንደዚያው፤ እሱን ቆይቼ እነግራለሁ። ገጹን ስከፍት «ያስገቡት መረጃ ከመዝገባችን ጋር አይገጥምም» ይለኛል። ደግሜ አስገባለሁ፤ አይገጥምም። ታክስ የሠራልኝ ሰው ጨርሶ አልላከልኝም ብዬ ሰውየውን በሆዴ አማሁት። ለካ የማስገባው የፌዴራሉን ተመላሽ ልክ ኖሯል፤ 2,184 ዶላር። ስቴቱ ይህን ቁጥር ከየት ያውቀዋል? ሁለቱ ግብሮች የየራሳቸው ቅጽ፣ የየራሳቸው መሥሪያ ቤት፣ የየራሳቸው ቀን አላቸው። የፌዴራሉ ማስገቢያ ኤፕሪል 15 ሲያበቃ የቨርጂኒያው እስከ ሜይ 1 ይቆያል። ታክስ የሠራልኝ ሰው የሰጠኝን ወረቀት አገላብጬ ከኋለኞቹ ገጾች 612ን አግኝቼ ሳስገባ በሩ ተከፈተ። «ደርሶናል፤ በሂደት ላይ ነው።» እንዲህ ያለ ደረቅ ዐረፍተ ነገር ያን ያህል ደስ ያሰኘኛል ብዬ አስቤ አላውቅም።

በሂደት ላይ የሚለው ቃል ግን ሲደጋገም ያንገፈግፋል። ጠዋት በሂደት ላይ፤ በምሳ ሰዓት በሂደት ላይ፤ በምሠራበት ሆቴል ምድር ቤት የቧንቧ መፍቻ ይዤ አንድ እጄ እርጥብ ሆኖ፣ አሁንም በሂደት ላይ። የፌዴራሉ ገጽ እንኳ መረጃውን የሚያድሰው በቀን አንዴ፣ ያውም ሌሊት ነው፤ በቀን አምስት ጊዜ መክፈት ትርጉም እንደሌለው ማንም አልነገረኝም አልልም። ባለቤቴ ነግራኛለች።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ ወዳጅ ቤት ቡና ላይ አነሣሁት። ባላነሣው ይሻል ነበር። አንደኛው «ኦዲት ነው» አለ፤ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ በሽታ እንደሚናገር ሰው። ታክሲ የሚነዳው ወዳጃችን ደግሞ «ያልከፈልከው ቅጣት ይኖራል፤ ከዚያ ቆርጠውታል» አለኝ። ይህኛው ውሸት አይደለም፤ ያልተከፈለ የመንግሥት ዕዳ ካለ ከተመላሹ ላይ ሊወሰድ ይችላል። ያን ሌሊት ከስድስት ዓመት ወዲህ መኪናዬን ያቆምኩባቸውን ጎዳናዎች ሁሉ በሐሳቤ ስዞር አደርኩ። ዳላስ ያለው ያክስቴ ልጅ ስደውልለት ሳቀብኝ። ቴክሳስ የደመወዝ ግብር በስቴት ደረጃ የለም፤ እንደ ዋሽንግተን ስቴት፣ ፍሎሪዳና ኔቫዳ። «እኛ ጋ የሚወስድም የለ፣ የሚመልስም የለ፤ በሰላም እንተኛለን» አለ። የቤቱን ግብር ሲከፍል እንዴት እንደሚያለቅስ ላስታውሰው አሰብኩና ተውኩት።

የሆሳዕና ዕለት ከሰዓት በኋላ የ12 ዓመት ልጄ ከኋላዬ በትከሻዬ ላይ አሻግራ ስልኬን አየች። ግንባሯ ላይ ከቤተ ክርስቲያን ያመጣችውን የዘንባባ ቀለበት አስራለች።

«አባዬ፣ ደብዳቤ ልከናል ይላል እኮ።»

«ሁልጊዜ እንደዚያ ነው የሚለው» አልኳት።

«አይደለም። አንብበው።»

አነበብኩት። ከሁለተኛው መስመር በታች አንድ ዐረፍተ ነገር ተጨምሯል፦ ተመላሽዎን ለመጨረስ ተጨማሪ መረጃ ያስፈልገናል፤ በአድራሻዎ ደብዳቤ ልከናል። መቼ እንደተጨመረ እንጃ። ምናልባት ሦስት ሳምንት ሆኖታል። እኔ በየቀኑ አምስት ጊዜ የማየው ዶላር የሚል ቃል መኖሩን እንጂ ሌላውን አልነበረም። ገጹ ሲነግረኝ ከርሟል፤ የማነበው እኔ ነኝ ያላነበብኩት። ይህ ነው ሁለተኛው ስሕተት፤ ግማሹ ማለቴ ነው። ሌላኛው ግማሽ ደብዳቤው የተላከበት አድራሻ ነው። ታክሱ የተሠራው በፌብሩዋሪ፣ እኛ ቤት የቀየርነው በማርች መጀመሪያ። አድራሻ መቀየራችንን ለባንክ ነግሬያለሁ፣ ለልጄ ትምህርት ቤት ነግሬያለሁ፣ ለግብር መሥሪያ ቤቱ ግን አልነገርኩም። ለፖስታ ቤትም ነገ ነገ እያልኩ።

ሰኞ ከሥራ ስወጣ ወደ ድሮው አፓርትመንት ሄድኩ። የአራተኛ ፎቅ ኮሪደር አሁንም የሰው ሁሉ ወጥ ይሸታል። የገዛ በሬን እንደ እንግዳ ማንኳኳት ደስ አይልም። የከፈቱልኝ ስፓኒሽ ተናጋሪ፣ በዕድሜ የገፉ ሴት ነበሩ። ስሜን ነግሬ ደብዳቤ እንደሆነ በእጄ ሳሳያቸው ፊታቸው በራ፤ ወደ ውስጥ ገብተው በላስቲክ የታሰረ የፖስታ ክምር ይዘው መጡ። ጥለውት ቢሆን ማን ይፈርድባቸው ነበር? ፖስታዎቹን አንድ በአንድ እያሳዩ «ይህ አንተ ነህ? ይህስ?» ይሉኛል። ግራ የገባቸው ወዲያው ገባኝ። የእኔ መጠሪያ መጨረሻው የአባቴ ስም፣ የባለቤቴ የአባቷ ስም፣ የልጄ ደግሞ የእኔ ስም። ሦስት ሰው፣ ሦስት የቤተሰብ ስም። ባለ አንድ መኝታ ቤት ውስጥ ሦስት ቤተሰብ ታጭቆ ይኖር ነበር ብለው አዝነውልን ኖሯል። ሁሉም የእኛ እንደሆነ ለማስረዳት ብሞክርም እንግሊዝኛችን ለሁለታችንም አልበቃም፤ እጄን በሁለት እጃቸው ይዘው ብቻ ሸኙኝ።

ደብዳቤው አንድ ገጽ ነው። ክስ የለበትም፣ ኦዲት የለበትም፣ ቅጣት የለበትም። ግብሩን ያስገባው እኔው ራሴ መሆኔን እንዳረጋግጥ ብቻ ይጠይቃል። በሰው የሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥር ቀድመው ታክስ ሠርተው የሰውን ተመላሽ የሚወስዱ ሌቦች ስላሉ ይህን መሰል ማጣሪያ በየስቴቱ የተለመደ ነው። ማታውኑ ተቀምጬ ጥያቄዎቹን መለስኩ። ከሚከተሉት ጎዳናዎች በየትኛው ኖረዋል? ከሚከተሉት መኪናዎች የትኛው የእርስዎ ነበር? አንዱ ምርጫ መጀመሪያ ስመጣ ሜሪላንድ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ውስጥ ከአራት ልጆች ጋር የኖርኩበት ጎዳና ነበር። መሬት ላይ ፍራሽ አንጥፈን፣ በተራ እያበሰልን። እኔ የረሳሁትን ያ ማሽን አልረሳም። ጣቴ ትንሽ ቆየ፤ ከዚያ ነካሁት።

ፋሲካ በዚያው ሳምንት፣ ሚያዝያ 12 ዋለ። ለእናቴ የበዓሉን ከሌላ ኪስ ላክሁ፤ ቆርቆሮው ቆየ። ገንዘቡ የገባው ከትናንት በስቲያ፣ ሜይ 1 ቀን፣ ሌላው ሰው ለማስገባት በሚሯሯጥበት በመጨረሻው ቀን ነው። 612 ዶላር፤ አንድም አልጎደለም። የባንኩ መልእክት ሲመጣ መሰላል ላይ ነበርኩ።

ለእናቴ ወዲያው ደወልኩ።

«እማዬ፣ ያ የነገርኩሽ ገንዘብ ደረሰኝ።»

«ደረሰኝ ሰጡህ?»

የለም፣ ገንዘቡ ራሱ ነው የደረሰኝ፣ አልኳት። ጥቂት አሰበች። በስልኩ ውስጥ ጎረቤት ሲጣራ ይሰማል።

«እሱስ ይሁን፤ ደረሰኙንስ?»

ማታ ያንን ገጽ ከፍቼ አተምኩት፤ ተመላሽዎ ተልኳል የሚለውን። ቤት ውስጥ ሽቦ ፈልጌ አጣሁ። ልጄ አናናስ የሚመስለውን ማግኔቷን ሰጠችኝ፤ ማቀዝቀዣው በር ላይ ለጠፍኩት።