ሦስት ወር ከኦስካሪቶ ጋር

ሰላም ጓዶች። ባለፈው የቀልድ ልምምዳችን ላይ «ቀልድህ ሁሉ አፍህ ላይ ነው፣ ከአንገትህ በታች በድን ነህ» ብላችሁኝ ነበር። አኩርፌ ሄድኩ። ግን እውነታችሁን ነው። ከዚያ ወዲህ ማታ ማታ የአንድ የድሮ ብራዚላዊ ኮሜዲያን ፊልሞች ላይ ተጥጃለሁ። የደረስኩበትን ላካፍላችሁ።

ሰውየው ኦስካሪቶ ይባላል። ብራዚላዊ አልኩ እንጂ የተወለደው ስፔን፣ ማላጋ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1906። ወላጆቹ የሰርከስ ሰዎች ነበሩ። ገና በሕፃንነቱ ይዘውት ብራዚል ገቡ። እዚያው ሰርከስ ውስጥ አደገ፤ ተገለባበጠ፣ ትራፔዝ (በገመድ የተንጠለጠለ ዘንግ) ላይ ተወዛወዘ፣ ቫዮሊን ተጫወተ። በ1932 ሪዮ ዴ ጄኔሮ ውስጥ «ካልማ፣ ዤዤ» በሚል የሙዚቃና የቀልድ ትርኢት መድረክ ላይ ወጣ። «ረጋ በል፣ ዤዤ» ማለት ነው። ዤዤ የሚባለው አገር ገዢው ዤቱሊዮ ቫርጋስ ነበር። በዓመቱ ፊልም ውስጥ ገባ፤ ያኔ የብራዚል ፊልም ገና ድምፅ ማውጣት መጀመሩ ነው።

የመጀመሪያው ወር ኪሳራ ነበር። «ማታር ኡ ኮሄር» በሚለው የ1954 ፊልም ጀመርኩ። ካውቦይ ለብሶ ይንቀጠቀጣል፤ እኔ ፍንክች አላልኩም። ለካ ፊልሙ ጋሪ ኩፐር የሠራበትን የአሜሪካ የካውቦይ ፊልም «ሃይ ኑን»ን ነው የሚያላግጥበት። ያ የአሜሪካ ፊልም ብራዚል ውስጥ የታየው «ማታር ኡ ሞሄር» ተብሎ ነው፤ መግደል ወይ መሞት። እነሱ አንዷን ቃል ቀየሩና መግደል ወይ መሮጥ አደረጉት። መሞት፣ መሮጥ፦ በእኛም ቋንቋ እንኳ ይገጥማል! ቅዳሜ የአሜሪካውን አየሁ፣ እሑድ ወደሱ ተመለስኩ። ያኔ ሆዴን ይዤ ሳቅኩ።

ሁለተኛው ወር ላይ የሶምሶንና የደሊላ ማላገጫው መጣ፤ እሱም የ1954 ነው። ለዚህ እንኳ ዝግጅት አላስፈለገኝም፤ ሶምሶንን የማያውቅ ማን አለ? ኦስካሪቶ ፀጉር አስተካካይ ነው። ልብ በሉ፣ ፀጉር አስተካካይ! በጊዜ ማሽን ወደ ጥንት ዘመን ይወረወራል። የሶምሶን ጉልበት ያለው ዊጉ ላይ ነው፤ የእኛ ሰው ዊጉን በላይተር ይለውጠዋል። ከዚያ ጋዛን ማስተዳደርና ንግግር ማድረግ ይጀምራል። ብዙዎች በዚያ ንግግር ውስጥ ቫርጋስን ያዩበታል። ቫርጋስ በዚያው ዓመት ነሐሴ ወር ላይ ራሱን አጠፋ። እኔ ንግግሩን ድምፁን አጥፍቼ ደግሜ አየሁት። አንዲት ቃል ሳልሰማ ማን እንደሚያወራ ገባኝ፤ አገጩ፣ እጁ፣ ሆዱ ሁሉ ባለሥልጣን ሆኗል።

አንድ ነገር ልጨምር፦ ኦስካሪቶን ብቻውን ማየት አይቻልም። አጠገቡ ሌላው ብራዚላዊ ኮሜዲያን ግራንዴ ኦቴሎ አለ። በ1949ኙ «ካርናቫል ኖ ፎጎ» ኦስካሪቶ ሮሜዮ፣ ኦቴሎ ደግሞ ባለ ወርቃማ ሹሩባ ጁልየት ሆነው ይሠራሉ። እውነቱን ለመናገር ዓይኔ ኦቴሎ ላይ ነው የቀረው። የዘመኑ ሐያሲዎች ግን እነዚህን ፊልሞች «ሻንሻዳ» ብለው ይንቋቸው ነበር፤ ርካሽ ለማለት። የሠራቸው ስቱዲዮ አትላንቲዳም በ1952 ተቃጠለ፤ ብዙ ፊልም አብሮ ጠፋ። ያናድዳል።

አሁን ሦስተኛው ወር ላይ ነኝ፤ መስታወት ላይ። በ1960ው «ኦስ ዶይስ ላድሮይንስ» ኦስካሪቶ እንደ አንዲት ወይዘሮ ለብሶ ፊት ለፊቷ ይቆማል። ሴትዮዋ ኤቫ ቶዶር ናት። መስታወት ያየች ይመስላታል። ትጠራጠራለች፣ ትፈትነዋለች፣ እሱ ይከተላታል። ያኔ ዕድሜው ከሃምሳ አልፏል።

ይህን ከእህቴ ጋር ባዶ የፎቶ ፍሬም ይዘን ሞከርነው። ሁለት ሳምንት አፈር በላሁ። እጇን ስታነሳ ሁልጊዜ እዘገያለሁ። በኋላ ነው የነቃሁት፤ እጇን እያየሁ ነበር። እጅ ሲነሳ ካያችሁ አልቆላችኋል። ትከሻዋን ማየት ስጀምር ግን ገና ሳታነሳ አወቅኩባት። ትናንት አንድ ደቂቃ ያህል ሳንሳሳት ሄድን፤ ከዚያ እሷ በሳቅ ፈነዳች፣ እኔም እንደ መስታወት አብሬ ፈነዳሁ። ይቆጠርልኝ አይቆጠርልኝ እናንተ ፍረዱ።

እሑድ ፍሬሙን ይዤ እመጣለሁ። በቁመት የሚያክለኝ ሰው ጥቁር ቲሸርት ለብሶ ይጠብቀኝ።